የሹራቧ ትዕይንት

አዳራሹ ማጨብጨብ የጀመረው ሁለተኛው ስንኝ ሳያልቅ ነው።

ሱሀይላ መጀመሪያ ዝናብ መስሏት ነበር። ደሴ ውስጥ ቆርቆሮ ጣሪያ ስር የተቀመጠ ሰው ድንገት ጫጫታ ከሰማ አስቀድሞ የሚጠረጥረው ዝናብን ነው። ከዚያ ግን ከፊቷ የተቀመጡት ሽማግሌ ትከሻቸውን ሲነቀንቁ አየችና ገባት። ሕዝቡ የሚያጨበጭበው ለእሷ ነው። እሷ ጨለማው ውስጥ እጇን በጉልበቶቿ መሀል ቀብራ ተቀምጣለች፤ ድምጿ ደግሞ ከሁለት ትልልቅ ስፒከሮች እየወጣ ሰኞ ገበያ አጠገብ ያለውን አዳራሽ ሞልቶታል።

«ሐረጎ ላይ ቆሜ ቁልቁል ባየው ባየው፣
ጉሙ ነው የመጣው አንቺ አይደለሽ ወየው።»

«ወየው!» ብሎ ከኋላ አንድ ጎረምሳ ተቀበላት። «ድገሚውማ!» አለ ሌላው፣ ፊልም እያየ መሆኑን ረስቶ። አንዲት ሴት እልል አለች። የባንድ ጓደኛዋ የኪዳኑ ጊታር ትዝታውን ይዞ ሲገባማ የቀረው ሰው ሁሉ ተከተለ፤ ከግራ ጥግ አንዱ የራሱን ግጥም ጣል አደረገ፣ ሌላው መለሰለት፣ ሳቅና ጭብጨባ ተደባለቀ። ሰርግ ቤት እንጂ ፊልም ቤት አይመስልም ነበር።

ሸራው ላይ በዚያ ሰዓት አንዲት ሴት ኮምቦልቻ አውሮፕላን ማረፊያ ደጃፍ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጣለች። ልጇ ከዓረብ አገር ትመጣለች ተብላ ልትቀበላት ሄዳለች። ልጅቷ ከሙቀት አገር መጥታ ደሴ ስትገባ እንዳይበርዳት ብላ ቀይ የሱፍ ሹራብ ታቅፋለች። መንገደኛው ሁሉ ወጥቶ አለቀ፤ ልጅቷ የለችም። የፊልሙ መጨረሻ ይኸው ነው። ሴትየዋ አንድም ቃል አትናገርም፤ ካሜራውም ከፊቷ አይነሳም።

ሱሀይላ ግን ሸራውን አላየችም። ዓይኗን ጨፍና ጭብጨባውን እየሰማች፣ የሆነ ሙቅ ውሃ ላይ የተንሳፈፈች ያህል ቀልሏት ነበር። በሕይወቷ እንዲህ ደስ ብሏት አያውቅም።

መብራት ሲበራ የፊልሙ ዳይሬክተር ዊዳድ ወደ መድረኩ ወጣች። የኮምቦልቻ ልጅ ናት፤ ዩኒቨርሲቲ ከጨረሰች ገና ብዙም አልቆየች፤ ፊልሙን በተዋሰችው ካሜራ ነው የሠራችው። የዛሬው የሙከራ እይታ ነው፤ ሰዉ ምን እንደሚል ሰምታ የሚስተካከለውን ልታስተካክል።

«ዘፈኑ ቀውጢ ነው!» አለ አንዱ። «ዘፈኑ ይለቀቅልን!» አለ ሌላው። «ዘፋኟ ማን ናት? ትነሳና እንያት!» አለ ሦስተኛው።

«ሴትየዋስ?» ብላ ጠየቀች ዊዳድ። «መጨረሻው ላይ ሴትየዋ ያደረገችውን እንዴት አያችሁት?»

አዳራሹ እርስ በርሱ ተያየ። ከፊት የተቀመጡት ሽማግሌ አንገታቸውን ዘንበል አድርገው፣ በቅንነት፣ «የትኛዋ ሴትዮ ልጄ?» አሏት።

ሰዉ ሳቀ፤ ሱሀይላም ሳቀች። ሳቋ ግን አፏ ላይ ቀረ፤ ከፊት ወንበር አንዲት ሴት የበዓል ነጠላ ተከናንበው ዞር ሲሉ አየቻቸው። ሸራው ላይ የነበሩት እሳቸው ናቸው። ኡሙሰልማ ይባላሉ፤ የዊዳድ አክስት፣ ኮምቦልቻ ውስጥ ልብስ ሰፊ።

*

ባንዱ «ሐረጎ» ይባላል። ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ የሚያወጣው ያ ጥምዝምዝ ዳገት ነው ስሙን የሰጣቸው። የሰፈር ልጆች ግን «እነዚህ ሲጀምሩ ያዞራሉ፣ ሲጨርሱ ያስመልሳሉ» እያሉ ያሾፉባቸዋል። ኪዳኑ ጊታር ይመታል፣ ክራርም ያውቃል፤ አምባሰልን በሮክ ጊታር የማጮህ ሐሳብ የመጣው ከእሱ ነው። ሸረፈዲን ቤዝ ይዟል፤ ብዙ አያወራም። ወንጌላዊት ከበሮና ድራም አንድ ላይ አስራ ትደበድባለች። ሦስቱም ትምህርት የጨረሱ ናቸው። ሱሀይላ ብቻ ናት ገና አሥረኛ ክፍል፤ የምታዜመው እሷ ናት።

ዊዳድ ያገኘቻቸው ሆጤ ውስጥ አንድ ካፌ ሲጫወቱ ነው። የዚያን ቀን የሚሰማቸው አልነበረም፤ ሰዉ ኳስ ያያል። እሷ «ለፊልም እንድትሠሩልኝ ፈልጌ ነበር» ስትላቸው ኪዳኑ ጊታሩን መሬት ሊጥለው ምንም አልቀረው። «ፊልም ላይ ማንም ጀርባውን አይሰጠንም» አለ። «ጨለማ ነው፣ ዝም ይላሉ፣ ይሰሙናል!» የሹራቧን ትዕይንት ወስደው እዚያው ሆጤ፣ ኪዳኑ ክፍል ውስጥ ሠሩት። ምስሉን ያዩት በእሱ ስልክ ነበር። ስልኩ ስክሪኑ ተሰንጥቋል፤ የሴትየዋ ፊት እዚያ ላይ ከአውራ ጣት ጥፍር አይበልጥም።

ከአዳራሹ ውጭ ኡሙሰልማ የሱሀይላን እጅ በሁለት እጃቸው ያዙት።

«ማሻአላህ! ማሻአላህ የኔ ልጅ፣ ድምፅሽ ማር ነው። አላህ ይጠብቅልሽ።»

«አሜን። እርስዎም በጣም ጥሩ…» ብላ ሱሀይላ ቃል ጠፋት። ጥሩ ምን? አላየቻቸውም።

«እኔንማ ማን አየኝ!» ብለው ሳቁ ኡሙሰልማ፤ ቂም የሌለው ሳቅ ነበር። «አንቺ ስታዜሚ እኔ ራሴ ሳጨበጭብ ነበር እኮ!» እጇን መታ መታ አድርገው ወደ ታክሲው ሄዱ።

ዊዳድ ባንዱን ወደ ግድግዳው ጥግ ወሰደቻቸው። የደሴ ጉም ወርዶ ከመንገዱ ማዶ ያሉትን ሱቆች እያደበዘዘ ነበር።

«ዘፈኑ አሪፍ ነው» አለች። «በጣም አሪፍ ነው። ችግሩም እሱ ነው።»

«ሰዉ ወደደው አይደል እንዴ!» አለ ኪዳኑ።

«ዘፈኑን ወደደው። ፊልሙን ግን አላየውም። ጥፋቱ የኔ ነው፤ ወሎ ውስጥ ትዝታ ከፍተህ ‹ዝም ብላችሁ ፊት እዩ› አይባልም። ይቀበላላ! ሳይቀበል ቢቀር ነበር የሚገርመው።»

ሸረፈዲን ሳቅ አመለጠው። ኪዳኑ ገላመጠው።

«እና ይውጣ ነው የምትይው?»

ዊዳድ ሱሀይላን አየቻት። «ለሷ ቃል ሰጥቻለሁ። ድምፅሽ ፊልሙ ውስጥ ይኖራል ብያታለሁ፤ ቃሌን አላጥፍም። ቅዳሜ ኮምቦልቻ እኔ ጋ ኑና ትዕይንቱን እንደገና እንሞክረው። ከዚያ በኋላ ፊልሙ ያልቃል፣ ሌላ ዕድል የለንም። እንዴት እንደሚሆን እናንተ አምጡት።»

ዊዳድ ስትሄድ ሸረፈዲን የቤዙን መያዣ ትከሻው ላይ እያስተካከለ፣ ለሱሀይላ ብቻ በሚሰማ ድምፅ፣ «አብሽሪ» አላት። «ድምፁ ያንቺ ነው፤ አንቺ ያልሽው ይሆናል።»

ባይነግራት ይሻላት ነበር።

*

ሰኞ ጠዋት ሱሀይላ ክፍል ስትገባ ሰው ሁሉ ዞሮ አያት። ከአዳራሹ አንዱ በስልኩ የቀረፀው ቪዲዮ ቴሌግራም ላይ ወጥቷል፤ ጨለማ፣ የሚንቀሳቀሱ ጭንቅላቶች፣ ከዚያ ድምጿ፣ ከዚያ ጭብጨባ። ጓደኛዋ ሀኒ ወንበር ላይ ቆማ ስልኩን ከፍ አድርጋ ይዛለች።

«ጀለሶች! የፊልሟ ኮከብ ገባች!»

«ውረጂ ሀኒ፣ ወላሂ ታሳፍሪኛለሽ።»

«አትካበጂ ባክሽ!» ሀኒ ወርዳ አቀፈቻት። «ዋናው ፊልም ሲታይ ክፍሉ በሙሉ ይመጣል፤ አነጋግሬያቸዋለሁ። የትም የማይሄደው ጸጋው ራሱ እመጣለሁ ብሏል። አንቺ ስትመጪ ጮኸን አዳራሹን ነው የምናፈርሰው!»

ይህ ለሌላ ልጅ ቀላል ነገር ሊሆን ይችላል፤ ለሱሀይላ አልነበረም። ስታወራ ድምጿ የማይሰማ ልጅ ናት። ባለፈው ዓመት መምህሩ ስም ሲጠሩ «አቤት» ብላ፣ ሳይሰሟት ቀርተው፣ ክፍል ውስጥ ተቀምጣ ቀሪ ተብላ ታውቃለች። ያውም አንዴ አይደለም። ሱቅ ሄዳ ከኋላዋ የመጡት ሁሉ ገዝተው ሲሄዱ እሷ ቆማ ትቀራለች። ስታዜም ብቻ ነው ሰው መኖሯን የሚያውቀው። አሁን ደግሞ ስሟን የማያውቁ ልጆች ኮሪደር ላይ «ወየው!» እያሏት ያልፋሉ። በጣም ደስ ይላል፤ ደስታው ያስፈራል እንጂ።

«ስንተኛው ደቂቃ ላይ ነው የምትመጪው?» አለቻት ሀኒ። «መጨረሻው አካባቢ ነው አይደል? ስልኬን አዘጋጅቼ ልጠብቅሽ።»

«አዎ፣ መጨረሻው ላይ» አለች ሱሀይላ። ከዚያ መስኮቱን አየች። ጦሳ ተራራ የለም፤ ጉም ወስዶታል። ከሰዓት ተመልሶ ይመጣል፤ ሁሌም ይመጣል። የሒሳብ መምህሩ ሰሌዳ ላይ ሲጽፉ እሷ «የትኛዋ ሴትዮ ልጄ?» የሚለውን ድምፅ እየሰማች ነበር። ሽማግሌው ክፋት አልነበራቸውም። ክፋት ቢኖራቸው ኖሮ ይቀላት ነበር።

*

ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ ሲወረድ ልብስ ይወለቃል። ሚኒባሱ ሲነሳ ሁሉም ጃኬቱን እስከ አገጩ ቆልፎ ነው፤ ሐረጎ ሲጀመር ሻርፕ ይፈታል፣ ግማሽ ላይ ጃኬት ይወልቃል፣ ታች ሲደረስ ሹራብ ጭን ላይ ተጣጥፎ ይቀመጣል። ወንጌላዊት ከበሮውን አቅፋ፣ ሹራቧን ከበሮው ላይ አልብሳው ተኝታለች። ኪዳኑ አኩርፏል። አዲስ ነገር አዘጋጅቷል፤ ከበፊቱ የባሰ ሞቅ ያለ፣ ድራም ያለበት። «እነሱ ዝም ካላሉ እኛ እንብለጣቸው» ነው ሐሳቡ።

ሱሀይላ ግንባሯን መስኮቱ ላይ አስደገፈች። ጉሙ ነጭ ነበር፤ መንገዱ ይታይና ይጠፋል፣ ዛፍ ብቅ ይልና ይሄዳል። እያንዳንዱ ጥምዝ ላይ የምትዞረው መኪናዋ ሳትሆን ዓለሙ ይመስላል። እንቅልፍ ሸለብ ሲያደርጋት መንገዱ ዳር አግዳሚ ወንበር ላይ ሹራብ የታቀፈች ሴት አየች። ሴትየዋ መኪናዋ ስትቀርብ ቀና አለች፤ ሱሀይላ ፊቷን ልታይ ስትል ጉሙ መጣና ሸፈናት። የሚቀጥለው ጥምዝ ላይም ነበረች፤ ከሚቀጥለውም።

ከዚያ ኩታበር መንገድ ላይ ያለው የአያቷ ቤት መጣ። ሕልም ይሁን ትዝታ አልለየችውም። አያቷ መንዙማ ሲያወጡ እሷ ትንሽ ሆና ከተቀባዮቹ ጋር ትቀመጥ ነበር። ድቤው ይመታል፣ አያቷ ያወጣሉ፣ ጀመዓው ይቀበላል። መቼ እንደሚቀበሉ እንዴት እንደሚያውቁ ይገርማት ነበር፤ ምልክት የሚሰጥ የለም። አንድ ቀን ከእግራቸው ስር ተቀምጣ ደረሰችበት። አያቷ አየር ይስባሉ። ያን ጊዜ ነው ሰዉ የሚገባው። ሳይተነፍሱ ቢቀጥሉ ኖሮ ማንም መግቢያ አያገኝም ነበር።

«መስኮት ክፈቱ እንጂ፣ ልንቀቀል ነው!» አለ ረዳቱ። ነቃች። ጉሙ ከላይ ቀርቷል፤ ኮምቦልቻ ፀሐይ ላይ ተዘርግታለች። ሹራቧን አውልቃ ጭኗ ላይ አጠፈችው፤ እጇ ላይ ስታየው ሳታስበው እጅጌውን ዳበሰችው።

*

ዊዳድ የምትኖረው አክስቷ ጋ ነው። አንደኛው ክፍል የልብስ ስፌት ነው፣ ሁለተኛው የፊልም። ግድግዳው ላይ ነጭ አንሶላ ተወጥሯል፤ ጥጉ ላይ ፍራሽና ብርድ ልብስ ተደርድሮ የድምፅ መቅረጫ ሆኗል። መስኮቱ በወፍራም መጋረጃ ተሸፍኗል። ከወዲያኛው ክፍል የኡሙሰልማ የስፌት መኪና ትር ትር ይላል።

«መጀመሪያ ያለ ድምፅ ልየው» አለች ሱሀይላ።

ኪዳኑ «ለምን? በቃልሽ ታውቂዋለሽ አይደል?» አላት።

«አላውቀውም» አለች።

ዊዳድ ምስሉን ከፈተችው። ፊቱ አሁን ጥፍር አያህልም፤ ግድግዳውን ያህላል።

ሴትየዋ በሩን ታያለች። አንዲት ወጣት ሻንጣ እየጎተተች ስትወጣ ፈገግ ትላለች፤ ልጇ አይደለችም። ሌላዋ ትወጣለች፤ አሁንም ፈገግ ትላለች። ለእያንዳንዷ ፈገግታውን አዲስ አድርጋ ታዘጋጃለች። ከዚያ በሩ ይዘጋል። ሴትየዋ ፈገግታውን አላጠፋችውም፤ ረሳችው። ሰው ቤቱ መብራት ሳያጠፋ እንደሚወጣው እሷም ፊቷ ላይ ትታው ሄደች። ዓይኗ ብቻ ሌላ ቦታ ነበር። ጣቶቿ የሹራቡን እጅጌ ይዳብሳሉ፤ አንድ የተመዘዘ ክር አገኙ፣ ቀስ ብለው ወደ ውስጥ መለሱት። በመጨረሻ፣ በዚያ ሁሉ ፀሐይ፣ የሱፍ ሹራቡን ትከሻዋ ላይ ጣል አደረገችው።

ሱሀይላ ፈገግታው የተረሳበትን ቅጽበት ፈለገችና ዘፈኗ ላይ የት እንደሚውል አወቀች። «ወየው» የሚለው ላይ ነው። አዳራሹ የተቀበላት እዚያ ላይ ነበር።

የስፌት መኪናው ድምፅ እንደቆመ የተረዳችው ኋላ ነው። ኡሙሰልማ በሩ ላይ ቆመው ራሳቸውን ያያሉ። ዊዳድ ምስሉን ስታቆመው «እኔ ነኝ እንዴ እቺ? አርጅቻለሁ እኮ!» ብለው ወደ ግቢው ወጡ።

ሱሀይላ ተከተለቻቸው። ኡሙሰልማ ከበርሜሉ በጣሳ ውሃ ቀድተው ሰጧት፤ ጠጣች። ኮምቦልቻ ላይ ውሃ ሞቅ ይላል።

«እትዬ፣ ሲቀረፅ ምን አድርጉ ተባሉ?»

«ምንም። ዊዳድ ‹የዘገየ ሰው አስቢ› ብቻ ነው ያለችኝ።»

«ማንን አሰቡ?»

ኡሙሰልማ ጣሳውን ተቀብለው የቀረውን ውሃ የአበባው ሥር አፈሰሱት። «እሱንማ ለዊዳድም አልነገርኳት። በአፌ የምናገረው ነገር አይደለም። ካሜራው መጣ፣ በፊቴ ነገርኩት፤ ያየ ይየው ብዬ።» ቀና ብለው አዩዋትና ፊታቸው በራ። «አንቺ ግን እንዳትጨነቂ። ሰዉ ዘፈንሽን ወዶታል፤ ያ ይበቃል። እኔ እንደሁ ቤቴ ነኝ።»

ሱሀይላ «እሺ» ለማለት ፈለገች። ግን ሀኒ ትዝ አለቻት፣ ኮሪደሩ ትዝ አላት፣ «ወየው!» እያሉ የሚያልፉት ልጆች። እሷም መሰማት ትፈልጋለች፤ በጣም ትፈልጋለች። ይህን የፈለገች ሰው ክፉ ናት? አይመስላትም። ግን ሴትየዋም በፊቷ ተናግራ ነበር፤ የተናገረችው ሱሀይላ ስትዘፍን ነው።

*

ለቀረፃው ቬንቲሌተሩ ጠፋ፤ ድምፅ ያስገባል። ወዲያው ክፍሉ እንደ ዳቦ ቤት ሆነ። ሱሀይላ ብርድ ልብሶቹ መሀል ማይክ ፊት ቆመች። ኪዳኑ ጊታሩን አንግቷል፤ ሸረፈዲን ጣቱን ክሩ ላይ አሳርፏል፤ ወንጌላዊት ዱላዎቿን አንስታለች።

ሐረጎ ባንድ አንድ ልማድ አላቸው። ዘፈን የሚጀምረው በሱሀይላ ነው። የመጀመሪያዋ ቃል ከአፏ ሳትወጣ ማንም ምንም አይመታም። ኪዳኑ ያወጣው ሕግ ነው፤ «ካንቺ በፊት ከገባን ድምፅሽ ይዋጣል» ብሎ።

ዊዳድ ጣቷን አነሳች። አንሶላው ላይ የአውሮፕላን ማረፊያው በር ተዘጋ። ጣቷ ወረደ።

ሱሀይላ አየር ሳበች።

ስንኙ እዚያው ነበር፤ ጥርሶቿ ጀርባ፣ ተሰናድቶ። ሐረጎ ላይ ቆሜ። ኪዳኑ ቅንድቡን አነሳላት፤ ግቢ። ሴትየዋ ግድግዳው ላይ ሆና የምታየው እሷን ይመስል ነበር። ፈገግታዋ እዚያው አለ፤ ገና አልተረሳም። አሁን ሊረሳ ነው።

ሱሀይላ አልጀመረችም። አፏን ከፍታ፣ ደረቷ እንደተሞላ፣ ዝም አለች።

እሷ ዝም ስትል ማንም አልመታም። ሸረፈዲን ጣቱን እንዳሳረፈ ቀረ። ወንጌላዊት ዱላዎቿ አየር ላይ ቆመው ቀሩ። ኪዳኑ አንገቱን አዙሮ ምን ሆነሽ ሊላት ነበር፤ ግን ሊናገር አይችልም፣ ማይኩ ክፍት ነው። የሚያይበት ሲያጣ ወደ አንሶላው ዞረ። ያን ጊዜ ነው ያየው። ሱሀይላ ሲያይ አየችው፤ መጀመሪያ ተቆጥቶ፣ ከዚያ ቁጣውን ረስቶ።

ሴትየዋ ሹራቡን ትከሻዋ ላይ ስትጥል ኪዳኑ አንድ ክር ብቻ ነካ። ትዝታም አልነበረም፣ አምባሰልም አልነበረም፤ አንድ ድምፅ ነው። ድምፁ እየቀጠነ ሄደና ምስሉ ጠቆረ።

ላብ ከወንጌላዊት አገጭ ከበሮው ላይ ጠብ አለ።

ዊዳድ የጆሮ ማዳመጫዋን አወለቀች። ዓይኗ ቀልቷል። «አየር ስትስቢ ተሰምቷል» አለች ሱሀይላን። «ጎላ ብሎ ነው የተሰማው። ልቁረጠው?»

ሱሀይላ አሰበች። ቃል ተገብቶላት ነበር፤ ድምፅሽ ይኖራል ተብላ።

«ተይው» አለች። «እሱ ይቆይልኝ።»

«ሌላ ጊዜ እንሞክር?» አለች ወንጌላዊት።

«ምኑን ነው የምንሞክረው» አለ ኪዳኑ። ጊታሩን ከገመዱ ነቀለው። ኩርፊያው ገና ሙሉ በሙሉ አልለቀቀውም፤ ግን ሱሀይላን ሲያልፍ ቬንቲሌተሩን ወደ እሷ አዙሮ ከፈተላት።

*

በዋናው እይታ ዕለት አዳራሹ ካለፈው ይብስ ሞላ። የሀኒ ሠራዊት አንድ መስመር ይዟል። ሱሀይላ ጠዋት ልትነግራት ነበር፤ ሀኒ ደስ ብሏት ስታወራ መግቢያ አጣች። ወይም ደግሞ እውነቱን ለመናገር፣ ፈራች።

ኡሙሰልማ ፊት ወንበር ላይ ናቸው፣ ያንኑ ነጠላ ተከናንበው። ትከሻቸውን የነቀነቁት ሽማግሌም መጥተዋል፤ ዘፈኑን ብለው ሳይሆን አይቀርም።

መጨረሻው ደረሰ። የአውሮፕላን ማረፊያው በር ተዘጋ። ሀኒ በክርኗ ጎሸም አድርጋት ስልኳን ከፍ አደረገች፤ ከኋላቸው ጸጋውና ሌሎቹ ለመጮህ ተዘጋጁ። ቪዲዮውን ያየ ሰው ሁሉ ቦታውን ያውቀዋል፤ አዳራሹ ለመቀበል ተነስቷል።

ከስፒከሮቹ አንዲት ልጅ አየር ስትስብ ተሰማ።

ሰዉም አብሮ ሳበ። ሱሀይላ ግራና ቀኝ፣ ፊትና ኋላ፣ ያ ሁሉ ደረት ሲሞላ ሰማችው። ከዚያ ምንም አልመጣም። መቀበል የመጣ ሰው የሚቀበለው ሲያጣ ዓይኑን አነሳ፤ ሸራው ላይ ደግሞ የኡሙሰልማ ፊት ነበር። አንድ ሰው ሳል ሊስል ጀምሮ ተወው። የሽማግሌው ትከሻ ቀጥ አለ።

ሀኒ ወደ ጆሮዋ ተጠጋች። «መቼ ነው የምትጀምሪው?»

ሱሀይላ የጓደኛዋን እጅ ያዘችና ስልኩን ቀስ አድርጋ ወደ ጭኗ አወረደችው።

«ዝም በይ» አለቻት። «አሁን ነው።»